ውሻ ከጎን መሄድን የሚማረው በጉርሻ እንጂ በዱላ አይደለም



እንደሚታወቀው በሰፈራችን ውሻ የሌለበት ግቢ ጥቂት ነው። ውሻ የቤት ዘበኛ መሆኑን የሚክድ የለም። ነገር ግን ቀኑን ሙሉ በሰንሰለት ታስሮ የዋለ ውሻ ከበር በወጣ ጊዜ ጌታውን እየጎተተ መንገደኛውን ሲያሸብር እናያለን። ተማሪ ልጆች ይሮጣሉ፤ አሮጊቶች አጥር ተደግፈው ይቆማሉ፤ በእምነታቸው ምክንያት የውሻ ምራቅ ልብሳቸውን እንዲነካው የማይሹ ጎረቤቶቻችን መንገድ ይቀይራሉ።

ይባስ ብሎ የክትባት ቀን ሲመጣ "ኧረ ማን ይችለዋል!" ይባልና ውሻው ሳይከተብ ይቀራል። የእብድ ውሻ በሽታ ደግሞ ቀልድ አይደለም። በሰው ላይ ምልክቱ ከታየ በኋላ መዳን የለም ማለት ይቻላል። የዓለም ጤና ድርጅት እንደሚለው በዚህ በሽታ ከሚያዙ 100 ሰዎች እስከ 99ኙ የሚያዙት ከውሻ ነው። ስለዚህ ውሻን ከጎን ማስኬድ የቅንጦት ነገር ሳይሆን የሰፈር ሰላምና ጤና ጉዳይ ነው እንላለን።

አንዳንዶች "ውሻ ያለ ዱላ አይገባውም" ይላሉ። እኛ በዚህ አንስማማም። በዱላ የተማረ ውሻ የሚያውቀው ፍርሃትን ብቻ ነው። ከዘራ የያዘ ሽማግሌ ባየ ቁጥር ይደነግጣል፤ የደነገጠ ውሻ ደግሞ ይናከሳል። አባቶቻችን "ውሻ በበላበት ይጮኻል" ያሉት በከንቱ አይደለም። ውሻ ጥቅም ያገኘበትን ነገር ይደግማል። ሩሲያዊው ሊቅ ኢቫን ፓቭሎቭም ውሻ ምግብን ከሚቀድመው ምልክት ጋር እንደሚያያይዝ ካሳየ ከመቶ ዓመት በላይ ሆኖታል።

አሠራሩም ከባድ አይደለም። በመጀመሪያ በግቢ ውስጥ፣ ጸጥ ባለ ሰዓት፣ ውሻው ሳይበላ ይጀመር። የባቄላ ፍሬ የምታህል የተቀቀለ ሥጋ ወይም ደረቅ ዳቦ ኪስ ውስጥ ይያዝ። ገመዱን ላላ አድርጎ፣ ውሻውን በግራ አቁሞ፣ "ከጎኔ" ብሎ መራመድ ነው። ሁለት እርምጃ ከጉልበት ትይዩ ከሄደ እዚያው በዚያው "ጎበዝ!" ብሎ ማጉረስ። ጉርሻው ከዘገየ በምን እንደተሸለመ አይገባውም። ከጎተተም አይመታ፤ ሰውየው ዝም ብሎ ይቁም። ገመዱ ሲላላ ጉዞው ይቀጥላል። መጎተት የትም እንደማያደርሰው ቀስ በቀስ ይረዳዋል።

በቀን ሁለት ጊዜ አምስት አምስት ደቂቃ ይበቃል። በግቢ ከለመደ በኋላ ወደ ጭር ያለ መንገድ፣ በመጨረሻም ሰው ወደሚበዛበት ይወሰድ። ሲለምድ ጉርሻው እየተቀነሰ ምስጋናው ይቀጥል። የቤቱ ሰው ሁሉ አንድ ቃል ይጠቀም፤ አባት "ከጎኔ" ልጅ "ና" ካሉት ግራ ይጋባል።

"ኑሮ በተወደደበት ጊዜ ለውሻ ጉርሻ?" የሚል ይኖራል። እውነት ነው፤ ኑሮው ከባድ ነው። ቢሆንም ጉርሻው ከዕለት ድርሻው ላይ ይቀነስ እንጂ ተጨማሪ ወጪ የለውም። ብቻ ወጥ የነካው እንጀራ አይሁን፤ ቀይ ሽንኩርትም ሆነ ነጭ ሽንኩርት የውሻን ደም ይጎዳል። የበሰለ የዶሮ አጥንትም ተሰንጥሮ አንጀት ሊወጋ ይችላልና አይሰጠው።

በመጨረሻ የምናሳስበው፤ ትንንሽ ልጆች ብቻቸውን ትልቅ ውሻ ይዘው አይውጡ። ሰው ከተነከሰም ቁስሉን ለ15 ደቂቃ በውሃና በሳሙና አጥቦ ወዲያውኑ ወደ ጤና ጣቢያ መሄድ ነው እንጂ "ቆይ እስኪ ይታይ" አይባልም።

ውሻ ያላችሁ ሁሉ ከዛሬ ማታ ጀምራችሁ በግቢያችሁ አምስት ደቂቃ ሞክሩ። ለሚቀጥለው ክትባት ውሾቻችን ሳይጎተቱና ሳይጎትቱ ከጎናችን ሆነው ይውጡ።

የማኅበሩ ጸሐፊ