ንብና አዞ በሁምቦ መንገድ ላይ

አንባቢዬ ሆይ፤ ከወላይታ ሶዶ ተነሥተው ወደ አርባ ምንጭ ሲወርዱ 20 ኪሎ ሜትር ያህል እንደ ሄዱ ጠበላ ከምትባል ከተማ ይደርሳሉ። የሁምቦ ወረዳ ዋና ከተማ ናት። ከመንገደኛው ብዙው አይወርድባትም፤ ሾፌሩ ሻይ እስኪጠጣ በመስኮት በኩል ማንጎ ይጠይቃል፣ በዋጋ ይከራከራል፣ ገንዘቡን ሰጥቶ መልሱን ሳይቀበል መኪናው ይነሣበታል። ዛሬ የማጫውትዎ ከዚህ መንገድ ዳር ሆኖ ስለሚታይ አንድ ነገር ነው። ነገሩ የእግር ኳስ ነው። ኳስ የማይወዱ እንደ ሆነ ገጹን ከመግለጥዎ በፊት ጥቂት ይታገሡኝ፤ ኳሱ ሰበብ ነው እንጂ ጉዳዩ የሁለት ጎረቤታሞች ጉዳይ ነው።

ሶዶ ወላይታ ድቻ አላት፤ ድቻ ማለት በወላይትኛ ዕድገት ማለት ነው። ቲፎዞው ግን ቡድኑን «የጦና ንቦች» ይለዋል። ካዎ ጦና በ1887 ዓ.ም. ከአፄ ምኒልክ ጦር ጋር ተዋግተው የተማረኩት የወላይታ የመጨረሻው ንጉሥ ናቸው። አርባ ምንጭ ደግሞ አርባ ምንጭ ከተማ የሚባለውን ቡድን ይዛ «አዞዎቹ» ትላለች። ጫሞ ሐይቅ ላይ በጀልባ ሄዶ አዞዎቹ ፀሐይ ሲሞቁ ያየ ሰው ለምን ብሎ አይጠይቅም። እንግዲህ ጠበላ ሻይ ቤት ሲቀመጡ የሚሰሙት ክርክር ይህ ነው፦ ንብ አዞን ቢነድፍ ቆዳው ወፍራም ነውና ምን ይሰማዋል? ዓይኑን ቢነድፈውስ? አዞ ንብን ቢውጥ ይጠግባል ወይ? እኔ በዚህ ክርክር ላይ እስካሁን ፍርድ አልሰጠሁም፤ የምኖረው መካከል ላይ ነውና።

የሁለቱ ከተሞች ፉክክር ግን ከኳሱ በፊት የነበረ ነው። በንጉሠ ነገሥቱ ዘመን፣ በደርግም ጊዜ ለብዙ ዓመታት፣ ሁለቱ በአንድ ጣሪያ ሥር አልነበሩም። ወላይታ የሲዳሞ አውራጃ ነበርና ሶዶ አቤቱታዋን ይዛ የምትሄደው ወደ ይርጋለም፣ ኋላም ወደ ሐዋሳ ነበር። ጋሞ ጎፋ ራሱን የቻለ ጠቅላይ ግዛት ሆኖ መጀመሪያ ከደጋው ከጨንቻ ይተዳደር ነበር፤ በ1950ዎቹ ዓ.ም. መቀመጫው ቆላ ወርዶ አርባ ምንጭ ሆነ። ከዚያ በኋላ ሰሜን ኦሞ የሚባል አስተዳደር መጣ። ወላይታው፣ ጋሞው፣ ጎፋው፣ ዳውሮው በአንድነት ተጠቃለለ፤ መቀመጫውም አርባ ምንጭ ተባለ። የሶዶ ሰው ለአንድ ማኅተም 120 ኪሎ ሜትር ያህል ቁልቁል ይወርድ ጀመር። ማደር የግድ ሲሆንበት ዓሣውን በልቶ ይመለሳል። ዓሣው መልካም ነበር፤ ይህንን የወላይታ ሰው አይክድም። ቅር የሚያሰኘው መንገዱ ነበር።

በ1990ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ ደግሞ የነዚህን ሕዝቦች ቋንቋዎች አዋሕዶ አንድ የትምህርት ቋንቋ ለማድረግ ተሞከረ። ስሙም ከየስማቸው የመጀመሪያው ፊደል ተለቅሞ «ወጋጎዳ» ተባለ፤ መጻሕፍትም ታተሙ። ሶዶ ተነሣች። የሰው ሕይወት ጠፋ። መጻሕፍቱ ተሰበሰቡ፤ በ1993 ዓ.ም. ወላይታ ለብቻው ዞን ሆነ። ይህንን የማነሣው የቆየ ቁስል ለመነካካት አይደለም። የሁለቱ ከተሞች ሰው ኋላ ስታዲየም ሲገባ ባዶ እጁን እንዳልገባ እንዲያውቁልኝ ብዬ ነው። ኪሱ ውስጥ የቆየ ነገር ነበረ።

የሚያስገርመው ግን ጠበኞቹ እጅግ መመሳሰላቸው ነው። ወላይትኛና ጋሞኛ የቅርብ ዘመዳሞች ናቸው። በሌላ አገር ቲፎዞ ቢሳደብ ተሰዳቢው ላይገባው ይችላል፤ እዚህ ግን ዘፈኑ ገና ከአፍ ሳይወጣ ማዶ ያለው ሰምቶት፣ ግጥሙን ገልብጦ፣ በዚያው ዜማ ይመልሰዋል። ልብሱንም ቢያዩ ወላይታውም ጋሞውም ዱንጉዛ ይለብሳል፤ ቀዩ፣ ቢጫው፣ ጥቁሩ ከሩቅ አንድ ነው። አንዱ በመስከረም ጊፋታን ያከብራል፤ ሌላው በዚያው ወር ዮ መስቀላን። የኮሌጁንም ነገር ያየን እንደ ሆነ፣ አርባ ምንጭ የውሃ ቴክኖሎጂ ተቋሟን ያገኘችው በ1979 ዓ.ም. ሲሆን እርሱው በ1996 ዓ.ም. ዩኒቨርሲቲ ሆነ፤ ሶዶ የራሷን ዩኒቨርሲቲ ያገኘችው በ1999 ዓ.ም. ነው። በመካከሉ ባሉት ዓመታት ስንቱ የወላይታ ልጅ አርባ ምንጭ ተምሮ፣ የአርባ ምንጭን ሙዝ በልቶ፣ አንዳንዱም ሚስቱን ከዚያ አግብቶ ተመለሰ! ኳስ በመጣ ጊዜ እንዲህ ያለው ሰው ቤቱ ውስጥ ምን እንደሚሆን እርስዎ ይገምቱት።

ኳሱ እንዲህ ሆኖ መጣ። ድቻ በ2001 ዓ.ም. ተመሠረተ። አርባ ምንጭ ከተማ በ2004 ዓ.ም. የውድድር ዘመን ፕሪሚየር ሊግ ሲገባ ሶዶ ገና ከታች ሆና ወደ ላይ ታይ ነበር፤ ይህ ስንት ሰው እንቅልፍ እንደ ነሣ የሚያውቅ ያውቀዋል። በ2006 ዓ.ም. ድቻም በአሰልጣኝ መሳይ ተፈሪ እየተመራ ተቀላቀለ። ከዚያ ጀምሮ እስከ 2010 ዓ.ም. አምስት የውድድር ዘመን ንቡና አዞው በየዓመቱ አንድ ጊዜ በወላይታ፣ አንድ ጊዜ በአርባ ምንጭ ይገናኙ ነበር።

በነዚያ ቀናት ጠበላን ማየት ነበር! ገና ጎሕ ሳይቀድ አይሱዙው፣ ቅጥቅጡ፣ ሚኒባሱ ጥሩምባውን እየነፋ ይደርሳል። ጨዋታው ሶዶ ከሆነ ሽቅብ የሚወጣው አዞ ነው፤ አርባ ምንጭ ከሆነ ቁልቁል የሚወርደው ንብ ነው። ሰው ሁሉ «እትዬ» የሚላቸው አንዲት ሻይ ሻጭ ነበሩ፤ ከወትሮው ሌላ ትልቅ በራድ ይጥዱ ነበር። ማታ ሲመለሱ ደግሞ ውጤቱን ለማወቅ ሬዲዮ አያስፈልግም። ጥሩምባ ከተሰማ አሸንፈዋል፤ መኪናው መብራቱን ብቻ አብርቶ ዝም ብሎ ካለፈ ተሸንፈዋል። እኩል ለእኩል የወጡ እንደ ሆነ ግን ቆመው ሻይ ይጠጣሉ። እትዬ ታዲያ «ለኔ እኩል ለእኩል ይሁንልኝ» እያሉ ሲጸልዩ ሰምቻቸዋለሁ። የኳስ ቀን ሁሉ የሰላም ቀን ነው ብዬ አላታልልዎትም፤ በአገራችን ስታዲየሞች ድንጋይ መወርወሩን ሁላችን እናውቃለን። ሆኖም ዘጠና ደቂቃ ተሰዳድቦ ሻይ ጠጥቶ መመለስ፣ ስለ መጻሕፍት ከፈሰሰው ደም ጋር ሲተያይ፣ እኔ የትኛውን እንደምመርጥ አያጠራጥርም።

ቀጥሎ የሆነው የሶዶ ትልቁ ዘመን ነው። በ2009 ዓ.ም. ድቻ መከላከያን በፍጹም ቅጣት ምት ረትቶ የኢትዮጵያን ዋንጫ ወሰደ። በዚህም ለአፍሪካ ኮንፌዴሬሽን ዋንጫ አለፈ፤ በ2010 ዓ.ም. የዛንዚባሩን ዚማሞቶ ካሰናበተ በኋላ ከግብፁ ዛማሌክ ጋር ተገናኘ። ዛማሌክ ማለት የአፍሪካ ሻምፒዮኖችን ዋንጫ አምስት ጊዜ የወሰደ ቡድን ነው፤ ድቻ ገና ዐሥር ዓመት ያልሞላው። ሐዋሳ ላይ ድቻ 2 ለ 1 አሸነፈ። በመጋቢት ካይሮ ላይ ዛማሌክ በዚያው 2 ለ 1 መለሰ። ወደ ፍጹም ቅጣት ምት ሄዱና ንቦቹ አለፉ! በሚቀጥለው ዙር የታንዛኒያው ያንግ አፍሪካንስ ቢያስቆማቸውም፣ ካይሮ ላይ የተደረገው ተደርጓል። ያን ዕለት ጠበላ ላይ የአርባ ምንጭን ማሊያ የለበሰ አንድ ጎልማሳ የድቻን ቲፎዞ አቅፎ ሲዘል አየሁት። ኋላ ስጠይቀው «ለዛሬ ብቻ ነው» አለኝ፤ ፊቱም አልሳቀም።

እነሆ በዚያው የውድድር ዘመን ማብቂያ አርባ ምንጭ ከተማ ከፕሪሚየር ሊጉ ወረደ። ሶዶ መጀመሪያ ሳቀች፤ ለምን እዋሻለሁ። በሚቀጥለው ዓመት ግን ያ የጨዋታ ቀን ሲጠበቅ የለም። ሐዋሳ አለ፣ ሲዳማ ቡና አለ፣ ከአዲስ አበባም ትልልቆቹ ይመጣሉ፤ ነገር ግን እነርሱ በጠበላ በኩል አያልፉም፤ ስድባቸውም በወላይትኛ ዜማ አይመለስም። አዞዎቹ ተመልሰው ፕሪሚየር ሊግ በገቡበት በ2014 ዓ.ም. በአሰልጣኝነት ይመራቸው የነበረው ማን ይመስልዎታል? ያው መሳይ ተፈሪ ነው፤ ንቦቹን ያወጣው ሰው። ሶዶ ይህንን እንዴት እንደ ዋጠችው ለብቻው አንድ ገጽ ይፈልጋል።

የተመለሱት ግን ወደ መንገዱ አይደለም። ከ2013 ዓ.ም. የውድድር ዘመን ጀምሮ ፕሪሚየር ሊጉ ቡድኖችን በጥቂት ከተሞች እየሰበሰበ ማጫወት ያዘ፤ አዳማ፣ ድሬዳዋ፣ ባሕር ዳር፣ ሐዋሳ። መጀመሪያ በሽታው ነበረ፤ ቴሌቪዥኑም አለ፤ የስታዲየሞች ጉድለትና የቲፎዞ ጠብም አለ። ምክንያቱ ከንቱ ነው አልልም። ብቻ አንድ ነገር ያስቡልኝ፤ የሶዶና የአርባ ምንጭ ሰው ጎረቤቱን ሲገጥም ለማየት ድሬዳዋ ይሂድ? በ2015 ዓ.ም. ደግሞ ነገሩ ተገለባበጠ። በነሐሴ የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል ሲመሠረት ሁለቱ ከተሞች እንደ ገና በአንድ ጣሪያ ሥር ገቡ። ዋናው መቀመጫ በዚህ ጊዜ ሶዶ ሆነ፤ ቢሮዎቹም ለአርባ ምንጭና ለሌሎች ከተሞች ተከፋፈሉ። አሁን ለማኅተም ሽቅብ የሚወጣው የአርባ ምንጭ ሰው ሆነ ማለት ነው፤ ዳጣውን በቁርጥ በልቶ ይመለሳል። በዚያው ዓመት አርባ ምንጭ ከተማ ዳግመኛ ወርዶ ነበርና በክልል ሲገናኙ በሊግ ተለያዩ። አዞዎቹ የተመለሱት ለ2017 ዓ.ም. የውድድር ዘመን ነው።

አሜሪካኖች የጦር ምድር ኮሌጃቸውንና የባሕር ኃይል ኮሌጃቸውን ከ1890 ጀምሮ፣ ይህም በነሱ አቆጣጠር ነው፣ እግር ኳስ ያጋጥማሉ። እግር ኳስ ይሉታል እንጂ እንቁላል የመሰለ ነገር በእጅ አቅፈው የሚሮጡበት ነው። ጥቂት ዓመታት ቢቋረጥም እስከ ዛሬ አለ። ከጨዋታዎቹ የሚበዙት በአንዱም ሜዳ፣ በሌላውም ሜዳ አልተደረጉም፤ በመካከል ባለችው በፊላደልፊያ ነው የተደረጉት። ስለዚህ በሰው ከተማ መጫወት ብቻውን ፉክክርን አይገድልም። እነርሱ ግን ከተማዋን አስበው መርጠዋል፤ ተማሪው በሰልፍ ይገባል፤ ጨዋታው ሲያልቅ ሁለቱ ቡድኖች አብረው ቆመው መጀመሪያ የተሸናፊውን፣ ቀጥሎ የአሸናፊውን ኮሌጅ መዝሙር ይዘምራሉ። የተሸናፊው ይቀድማል! ይህንን ለሻይ ቤት ወዳጆቼ ባወራ «ታዲያ ጠበላ ከፊላደልፊያ በምን ታንሳለች?» አሉኝ። ለፕሪሚየር ሊግ የሚሆን ስታዲየም የላትም፤ መካከል ናት ብንልም ለሶዶ ታደላለች፤ አዞዎቹ ይህንን ይቆጥሩብናል። ሆኖም በዓመት አንድ ጊዜ፣ ለነጥብ ባይሆን ለወዳጅነት፣ አንድ ጊዜ ሶዶ አንድ ጊዜ አርባ ምንጭ ቢጋጠሙ ሊጉን የሚያውክ አይመስለኝም። የሁለቱ ክለቦች ሹማምንት ይህችን ገጽ የሚያነቡ ከሆነ አስበው ይመልሱልኝ።

በ2017 ዓ.ም. ጨዋታቸውን ያየነው ጠበላ ካለው ዲኤስቲቪ ቤት ነው። ቤቱ አንድ ነው፤ ቴሌቪዥኑም አንድ፤ አግዳሚ ወንበሩም አጭር። በ2017 ዓ.ም. ሲገናኙ ንቡ በግራ፣ አዞው በቀኝ ልቀመጥ ቢል ቦታው አይበቃም፤ ተቀላቅለው፣ ትከሻ ለትከሻ ተጣብቀው ተቀመጡ። አንዱ ዘፈን ሲጀምር ባለቤቱ «መብራቱን አጠፋዋለሁ!» ይላል፤ ያን ጊዜ ሁሉም በአንድነት ዝም ይላል። ጨዋታው ሲያልቅ እያንዳንዱ በእግሩ ወደ ቤቱ ሄደ። እትዬ ከደጃፋቸው ቆመው መንገዱን ወደ ላይም ወደ ታችም አዩ። «ጥሩምባ የለም፤ ማን እንዳሸነፈ በምን ልወቅ?» አሉኝ። ነገርኳቸው። ትልቁን በራድ ግን ያን ቀን አልጣዱትም ነበር።