የቆላ ፍሬ በደጋ እርጎ፦ ሳይጋገር የሚሰናዳ ጣፋጭ

በብዙ ቤቶቻችን ፍራፍሬ የሚገዛው ሰው ሲታመም ነው። ብርቱካኑና ሙዙ በፌስታል ተይዞ ወደ ሆስፒታል ይሄዳል። በሽተኛው ሲድን ግን ፍራፍሬውም አብሮ ከቤት ይጠፋል። ጤነኛው ልጅ ጣፋጭ ሲያምረው ከረሜላና ብስኩት፣ አለዚያም ለስላሳ መጠጥ ይገዛለታል። እንግዳ የመጣ እንደሆነም ኬክ ለመጋገር ምድጃ የለንም፣ ከኬክ ቤት ለመግዛት ደግሞ ኪሳችን አይፈቅድም በማለት ነገሩ በሻይ ብቻ ይታለፋል።

ውድ እናቶች፣ በዛሬው ዓምዳችን የምናቀርብላችሁ ምግብ ምድጃም ዱቄትም አይፈልግም። ወፍራም የተጠለለ እርጎ በማር ይመታል፤ ልዩ ልዩ ፍራፍሬ ተቆራርጦ በዙሪያው ይደረደራል፤ ቤተሰቡም ፍሬውን በእርጎው እያጠቀሰ ይበላል። ምሳሌ አድርገን የወሰድናት ጎባን ነው። ለዚህ ገበታ የሚያስፈልገው ነገር ሁሉ በአንድ መንገድ ተገናኝቶ የሚመጣባት ከተማ ናትና።

ጎባ ከባሕር ወለል በላይ 2,700 ሜትር ገደማ ላይ የምትገኝ የባሌ ደጋ ከተማ ስትሆን፣ በእሷና በጎረቤቷ በሮቤ ዙሪያ ያለው አገር የስንዴ፣ የገብስና የከብት አገር ነው። ወተቱ ከዚያው ይገኛል። ሙዝ፣ ማንጎና ፓፓያ ግን በዚያ ብርድ አይበቅሉም። ከጎባ ተነስቶ ወደ ደቡብ የሚወጣው መንገድ መጀመሪያ ጅብራ የበቀለበትን፣ ከ4,000 ሜትር በላይ የሆነውን የሳነቲን አምባ ያቋርጣል፤ 4,377 ሜትር ከፍታ ያለውን የቱሉ ዲምቱን ተራራም ያሳያል። ከዚያ በሐረና ደን ውስጥ ቁልቁል ወርዶ ከደሎ መና ይደርሳል። ቡናውና ማሩ ከደኑ፣ ፍራፍሬው ከቆላው በዚሁ መንገድ ወደ ደጋው ገበያ ይወጣል። ይህ መንገድ የሚያቋርጠው የባሌ ተራሮች ብሔራዊ ፓርክ በመስከረም 2016 ዓ.ም. በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት የተመዘገበ ነው።

ወደ አሠራሩ ከመግባታችን በፊት ስለ ወተቱ አንድ ቁም ነገር እናንሳ። በአገራችን እርጎ የሚረጋው ብዙውን ጊዜ ካልተፈላ ወተት ነው። ጥሬ ወተት ግን የከብት ሳምባ ነቀርሳንና ብሩሴሎሲስ የተባለውን በሽታ ከላም ወደ ሰው ሊያስተላልፍ ይችላል። ብሩሴሎሲስ እየሄደ የሚመለስ ትኩሳት፣ ላብና የመገጣጠሚያ ሕመም ስለሚያመጣ ወባ ወይም ታይፎይድ እየመሰለ ሕሙማንን ያንገላታል። በነፍሰ ጡር ሴት ላይም ጽንስ እስከ ማስወረድ ይደርሳል። እርጎው ስለኮመጠጠ ብቻ ጀርሞቹ ሁሉ ሞተዋል ማለት አይቻልም። ዕቃውን በወይራ ማጠን መዓዛን ይሰጣል፣ የጀርሞችንም ብዛት ይቀንሳል፤ የማፍላትን ቦታ ግን አይተካም።

«የተፈላ ወተት አይረጋም» የሚሉ እናቶች ብዙ ናቸው። አባባላቸው ያለ ምክንያት አይደለም። ወተቱ ሲፈላ ጎጂዎቹ ብቻ ሳይሆኑ የሚያረጉትም ተሕዋስያን አብረው ይሞታሉ። መፍትሔው ቀላል ነው። ከተፈላ በኋላ ለብ ሲል እርሾ ይጨመርበታል። ለመጀመሪያ ጊዜ ከመደብር የሚገዛ፣ ስኳርም ሆነ ሌላ ጣዕም ያልገባበት የፋብሪካ እርጎ ለእርሾነት ይሆናል። ከጥሬ ወተት የረጋ እርጎ በእርሾነት ከገባበት ግን ማፍላቱ ከንቱ ድካም ይሆናል። በሌላ በኩል «ደጋ ላይ ውሃ ቶሎ ስለሚፈላ ወተቱ በቂ ሙቀት አያገኝም» ብሎ መሥጋት አያስፈልግም። በጎባ ከፍታ ውሃ የሚፈላው በ91 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ነው። ወተትን ከእነዚህ በሽታዎች ለማንጻት ደግሞ 72 ዲግሪ ለ15 ሴኮንድ፣ ወይም 63 ዲግሪ ለ30 ደቂቃ ይበቃል።

ለ6 ሰው የሚያስፈልገው የሚከተለው ነው።

1 ሊትር ወተት፤
2 የሾርባ ማንኪያ የእርጎ እርሾ፤
2 የሾርባ ማንኪያ ማር፤
1 ሎሚ፤
የተፈጨ ኮረሪማ ወይም ቀረፋ፣ ከሻይ ማንኪያ ሩብ ያልበለጠ፤
3 ሙዝ፣ 2 ማንጎ፣ 2 ብርቱካንና የመካከለኛ ፓፓያ ግማሽ።

ፍራፍሬው ሁሉ በአንድ ላይ ካልተገኘ ሁለት ዓይነት ይበቃል። ኮክ ወይም እንጆሪ የሚያገኝ ሰውም በዚያው መጠቀም ይችላል።

አሠራሩ። ሠራተኛ የሆነች እናት ዓርብ ማታ ብትጀምረው ለእሑድ ይደርስላታል። ዓርብ ማታ ወተቱ በንጹሕ ድስት እየተማሰለ ገንፍሎ እስኪነሣ ድረስ ይፈላል። ከዚያ ወርዶ ይቀዘቅዛል። ንጹሕ ጣት ነክረው እስከ አሥር ሲቆጥሩ ሳያቃጥል ሙቀቱ ከተሰማ ልኩ ነው። በዚህ ጊዜ እርሾው በጥቂት ወተት ተበጥብጦ ይጨመርና ይደባለቃል። በክዳን ተከድኖ፣ በጋቢ ወይም በብርድ ልብስ ተጠቅልሎ ማንም በማይነካው ስፍራ ይቀመጣል። እንደ ጎባ ባለ ብርድ አገር ሳይጠቀለል የተተወ ወተት ሳይረጋ ሊያድር ይችላል። ጠዋት ረግቶ ከተገኘ ወደ ቀዝቃዛ ቦታ ይዛወራል፤ ካልረጋ እስከ ቀትር ይቆይ።

ቅዳሜ ማታ ታጥቦና ተቀቅሎ የደረቀ ሻሽ በማጥለያ ላይ ይነጠፍና እርጎው ይገለበጥበታል። የሻሹ አራት ጫፎች ታስረው በጎድጓዳ ሳህን ላይ ይንጠለጠላል፤ እዚያው ያድራል። ማቀዝቀዣ ያለው ሰው በማቀዝቀዣ ያሳድረዋል። የሌለው ደግሞ የደጋው ብርድ አለለት። ዝንብና አቧራ እንዳይነካው ግን በሚገባ መሸፈን አለበት። ጠዋት ላይ በሻሹ ውስጥ እንደ ቅቤ የለዘበ፣ ከመጀመሪያው ግማሽ ያህል የሆነ ወፍራም እርጎ ይገኛል። ከሥር የተጠራቀመው አጓት አይደፋ፤ ለዳቦ ሊጥ በውሃ ፋንታ ሲገባ ዳቦውን ያለሰልሰዋል፣ ለገንፎም ይሆናል።

ወፍራሙ እርጎ ከማሩ፣ ከቅመሙና በስሱ ከተፋቀ የሎሚ ልጣጭ ጋር በማንኪያ ይመታል። ፍራፍሬው ሳይላጥ በፊት በንጹሕ ውሃ ይታጠብ። ቆሻሻው በልጣጩ ላይ ቢሆንም ቢላው ይዞት ወደ ውስጥ ይገባልና። ከተላጠ በኋላ በአንድ ጉርሻ ልክ ይቆረጣል። ሙዙ እንዳይጠቁር የሎሚ ጭማቂ ይረጭበታል። እርጎው በመካከል፣ ፍሬው በዙሪያው ሆኖ በሰፊ ሳህን ይቀርባል። ሹካ ወይም ስቴኪኒ ለእያንዳንዱ ሰው ይሰጠዋል። የተቆረጠ ፍራፍሬ ከ2 ሰዓት በላይ በገበታ ላይ ባይቆይ ይመረጣል።

ስለ ፍራፍሬ አያያዝም ጥቂት እንበል። ሙዝና ማንጎ የሙቀት አገር ልጆች በመሆናቸው ብርድ ይጎዳቸዋል። ሙዝ ከ13 ዲግሪ በታች ሲያድር ልጣጩ ይጠቁራል። ያልበሰለ ማንጎም በብርድ ከተመታ ደርቆ ይቀራል እንጂ አይበስልም። በመሆኑም የደጋ እናት እነዚህን በጓዳ ወለል ላይ ከምታሳድር ሞቅ ባለው ማዕድ ቤት ብታስቀምጥ ትጠቀማለች። ጥሬ ማንጎ ከበሰለ ሙዝ ጋር በጋዜጣ ተጠቅልሎ ቢቀመጥ ቶሎ ይበስላል። ከበሰለው ሙዝ የሚወጣው ጋዝ ሌላውን ፍሬ ስለሚያበስለው ነው።

የዚህ ገበታ ጥቅም ከጣዕሙ ያልፋል። የዓለም የጤና ድርጅት ከ2 እስከ 5 ዓመት ያለ ልጅ በቀን 250 ግራም፣ ከ6 እስከ 9 ዓመት ያለ 350 ግራም፣ ከ10 ዓመት በላይ የሆነ ሁሉ 400 ግራም አትክልትና ፍራፍሬ በጠቅላላው እንዲመገብ ይመክራል። አንድ መካከለኛ ሙዝ ተልጦ 100 ግራም ያህል ነው። በበሰለ ማንጎና ፓፓያ ውስጥ ሰውነት ወደ ቫይታሚን ኤ የሚለውጠው ንጥረ ነገር አለ፤ ይህም ከስብ ጋር ሲበላ በተሻለ ወደ ሰውነት ስለሚገባ ቅባቱ ካልወጣ እርጎ ጋር መቅረቡ ይጠቅማል። ብርቱካንና ሎሚ ደግሞ በምስርና በጎመን ያለውን ብረት ሰውነት እንዲቀበለው ያግዛሉ። ከምግብ ጋር የሚጠጣ ሻይ ግን ተቃራኒውን ያደርጋል። የስኳሩን ነገር ስናይ፣ ሁለቱ ማንኪያ ማር ለስድስት ሰው ሲካፈል ለእያንዳንዱ 7 ግራም ገደማ ይደርሰዋል። በ300 ሚሊ ሊትር የለስላሳ መጠጥ ውስጥ ያለው ስኳር ግን 30 ግራም ያህል ነው።

እናቶች በብርቱ ሊጠነቀቁበት የሚገባው አንድ ነገር ማሩ ነው። አንድ ዓመት ያልሞላው ሕፃን ማር ፈጽሞ መቅመስ የለበትም። በንጹሕ ማር ውስጥ እንኳ ሊገኝ የሚችል የተሕዋስ ዘር በሕፃኑ አንጀት ውስጥ አድጎ ጡንቻን የሚያዝል መርዝ ሊፈጥር ይችላል። «ለሆዱ ይበጀዋል» በማለት ለአራስ ልጅ ማር ማላስ ስለዚህ አደገኛ ልማድ ነው። ለትንንሽ ልጆችም ፍሬው በጣም ደቆ ይቆረጥ፤ ስቴኪኒም አይሰጣቸው።

ለጾም ቀን እርጎውን አቮካዶ ይተካዋል። ሁለት የበሰለ አቮካዶ ከአንድ ሙዝ፣ ከግማሽ ሎሚ ጭማቂና ከጥቂት ማር ጋር በሹካ ተድጦ ሲመታ እንደ እርጎው የለዘበ ማጥቀሻ ይወጣዋል። በረመዳን ደግሞ ለአፍጥር ተምርን በእርጎው ማጥቀስ ገበታውን ያሳምረዋል። በአንድ ግቢ የሚኖሩ ጎረቤቶች ይህን ሳህን አንዱ ለሌላው በበዓሉ ቢልከው እንዴት ያምራል!

በመጨረሻም፣ ይህ ሥራ ለእናት ብቻ የሚተው አይደለም። ወተቱን ማፍላትና ሻሹን ማሰር ለአባት አይከብድም። ፍሬውን ማጠብና መደርደር የልጆች ድርሻ ሊሆን ይችላል፤ ልጅ በገዛ እጁ የደረደረውን ፍሬ አልበላም ብሎ አያስቸግርም። በሚቀጥለው ጊዜ ከገበያ ሲመለሱ ከሽንኩርቱና ከቲማቲሙ ጎን ጥቂት ፍራፍሬ በዘንቢሉ ይግባ። የሚታመም ሰው እስኪኖር አንጠብቅ።