ልጆቻችን የተቀመጡበት ወንበር

ልጅን ለትምህርት ቤት መስጠት አደራ መስጠት ነው። ወላጅ ልጁን በማለዳ ቀስቅሶ፣ አልብሶና ቁርሱን አብልቶ ከደጃፍ ሲሸኘው፣ የቀኑን እኩሌታ ለማያውቀው ሰው አሳልፎ መስጠቱ ነው። እንግዲህ ያን አደራ የሚቀበለው ቤት ምን ዓይነት ቤት እንደ ሆነ፣ በማን ስም እንደ ተጠራ፣ በሩም ለማን ተከፍቶ ለማን ተዘግቶ እንደ ኖረ ማወቅ ለወላጅ የተገባ ነገር ነው። በዛሬው ጽሑፋችን የአንድ ትምህርት ቤት ታሪክ ለመተረክ የተነሣነው ስለዚህ ነው።

ከአንባቢዎቻችን ብዙዎቹ በዋሺንግቶን ከተማ ዙሪያ ልጅ፣ ወንድም ወይም እኅት እንዳላቸው እናውቃለን። ከእነዚህም ዘመዶቻችን ጥቂት የማይባሉት የሚኖሩት የፖቶማክን ወንዝ ተሻግሮ በቨርጂንያ ግዛት በምትገኘው በአሌክሳንድሪያ ከተማ ነው። በምዕራብ በኩል ባለው ሰፈር፣ ሳውዘርን ታወርስ በሚባሉት ረጃጅም የኪራይ ሕንፃዎችና በአካባቢያቸው፣ የአማርኛ ሰላምታ ሳይሰማ የሚመሽ ቀን የለም። የከተማዋ የትምህርት ቤቶች ጽሕፈት ቤትም ለወላጆች የሚያወጣውን ማስታወቂያ ከእንግሊዝኛ ሌላ በአማርኛ ጭምር ያወጣል። የእነዚህ ቤተ ሰቦች ልጆች ከፍ ሲሉ የሚገቡበት የመንግሥት ትምህርት ቤት አንድ ነው፤ እርሱም አሌክሳንድሪያ ሲቲ ሃይ ስኩል ይባላል። ስሙ ግን አዲስ ነው፤ ከ1965 እስከ 2021 ድረስ ቲ. ሲ. ዊልያምስ ሲባል ኖሯል። (ዓመታቱን ሁሉ የምንጽፈው እንደ አውሮፓ አቆጣጠር መሆኑን አንባቢ ይወቅልን።)

የዚህን ስም መለወጥ ለመረዳት ወደ ኋላ መመለስ ያስፈልጋል። በዚያች ከተማ የነጭና የጥቁር ልጆች በአንድ ጣሪያ ሥር መማር በሕግ የተከለከለበት ዘመን ነበር። በ1920 ለጥቁሮች ልጆች ፓርከር ግሬይ የሚባል ትምህርት ቤት ተከፈተ፤ ስሙም ከዚያ በፊት ጥቁር ወንዶችንና ሴቶችን ያስተምሩ ከነበሩ ሁለት ዲሬክተሮች፣ ከጆን ፓርከርና ከሣራ ግሬይ የተወሰደ ነው። ይሁን እንጂ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ሁለተኛ ደረጃ አልነበረውም። ስለዚህ ትምህርቱን ለመቀጠል የፈለገ ጥቁር ልጅ ወንዙን ተሻግሮ ወደ ዋሺንግቶን መሄድ ነበረበት።

ወንዙን ተሻግረው ከተማሩት አንዱ ሳሙኤል ታከር ነው። በ1927፣ ገና የዐሥራ አራት ዓመት ልጅ ሳለ፣ ከወንድሞቹ ጋር ከዋሺንግቶን ወደ ቤቱ ሲመለስ በባቡሩ ውስጥ ወንበሩን ለአንዲት ነጭ ሴት እንዲለቅ ታዘዘ፤ ልጆቹም አንለቅም አሉ። ተከሰው በመጀመሪያው ችሎት ቢፈረድባቸውም፣ በይግባኝ ነጮች ብቻ የተቀመጡበት የዳኝነት ጉባኤ በነጻ አሰናበታቸው። ታከር አድጎ ጠበቃ ሆነ። በ1939 ለጥቁሮች የተዘጋው የከተማው ቤተ መጻሕፍት እንዲከፈት ሲል ዐምስት ወጣቶችን አዘጋጅቶ ላከ፤ እነርሱም አንድ በአንድ ገብተው መጽሐፍ አንሥተው በጸጥታ ተቀመጡ፤ ፖሊስም መጥቶ ያዛቸው። በዚያች ከተማ የወንበር ጉዳይ ቀላል ነገር እንዳልነበረ ከዚህ እንረዳለን።

በ1954 የአሜሪካ ከፍተኛው ፍርድ ቤት በዘር የተለየ የመንግሥት ትምህርት ቤት ሕገ ወጥ ነው ብሎ ፈረደ። የቨርጂንያ ሹማምንት ግን ፍርዱን ከመቀበል ይልቅ ትምህርት ቤቱን ፈጽሞ መዝጋት መረጡ፤ በ1958 መኸር በኖርፎክና በሻርሎትስቪል ከተሞች ጥቁር ልጅ እንዲገባባቸው የታዘዙ ትምህርት ቤቶች ተዘጉ። በ1959 መጀመሪያ ፍርድ ቤቶች ይህን አሠራር እስኪሽሩት ድረስ ብዙ ሺሕ ልጆች፣ ነጮቹም ጭምር፣ ያለ ትምህርት ቀሩ።

በዚያው በ1958 በአሌክሳንድሪያ ጥቂት የጥቁር ቤተ ሰቦች ልጆቻችን በነጮች ትምህርት ቤት ይግቡ ሲሉ ክስ መሠረቱ። ከእነዚህ ወላጆች አንዷ ወይዘሮ ብሎይስ ሀንድሊ ነበሩ። ወይዘሮ ብሎይስ የተማሩ ጠበቃ ወይም የታወቁ ተናጋሪ አልነበሩም፤ ላይልስ ክራውች በሚባለው የጥቁሮች ልጆች ትምህርት ቤት በወጥ ቤትነት ይሠሩ ነበር። የልጆቻቸውን ስም በክሱ መዝገብ አስገቡ። በዚያን ጊዜ የከተማው ትምህርት ቤቶች የበላይ ኃላፊ ሚስተር ቶማስ ቻምብሊስ ዊልያምስ ይባሉ ነበር። የዘር መለያየትን አጥብቀው የሚደግፉት እኒህ ሹም ነገሩን በሰሙ ጊዜ ሴትየዋን ከሥራቸው አሰናበቷቸው።

እዚህ ላይ ጥቂት ቆም ብለን እናስብ። ደመወዟን አጥታ ቤቷ የሚገባ እናት በዚያች ማታ ምን ትላለች? ልጆቿ ራት ይጠብቃሉ፤ የቤቱ ኪራይ ቀኑን ይቆጥራል፤ ጎረቤትም፣ ምን አገባሽ፣ ዐርፈሽ ብትቀመጪ ኖሮ ይላል። በየቤታችን የምናውቀው ምክር ነውና እንግዳ አይሆንብንም። ክሱ ግን አልተቋረጠም። ፌብሩዋሪ 10 ቀን 1959 ዘጠኝ ጥቁር ልጆች በፍርድ ቤት ትእዛዝ እስከዚያ ቀን ለነጮች ብቻ ወደ ነበሩ ሦስት ትምህርት ቤቶች ገቡ።

ሚስተር ዊልያምስ ከ1933 እስከ 1963፣ ሠላሳ ዓመት ያህል በሹመታቸው ቆዩ። በ1965 ከተማው አዲስ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ሲከፍት በእርሳቸው ስም ጠራው። በዚያው ዓመት ፓርከር ግሬይ ሁለተኛ ደረጃነቱ ቀርቶ ተማሪዎቹ ለሌሎቹ ትምህርት ቤቶች ተከፋፈሉ። ስለዚህ ጥቁር ልጆች ወደ አዲሱ ሕንፃ የገቡት የራሳቸው የሚሉትን ቤት አጥተው፣ ለመግባታቸው እንቅፋት ከነበሩት ሰው ስም በታች እያለፉ ነው። ፓርከር ግሬይ ግን ትንሽ ቤት አልነበረም። በ1950 በአሜሪካ ታላቁ የቅርጫት ኳስ ማኅበር ውድድር ላይ ከጥቁሮች ሁሉ ፊት ለመጀመሪያ ጊዜ የተጫወተው ኧርል ሎይድ የተማረው በዚያ ነበር።

በአንድ ጣሪያ ሥር መሰብሰብና አንድ መሆን ለየቅል ናቸው። በ1970 አንድ ጥቁር ወጣት በሱቅ ውስጥ በጥይት ተገድሎ ከተማዋ ታወከች። በሚቀጥለው ዓመት ሹማምንቱ የሦስቱን ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የ11ኛና የ12ኛ ክፍል ተማሪዎች ሁሉ በቲ. ሲ. ዊልያምስ አንድ ላይ ሰበሰቡ። እስከ ትናንት በሜዳ ባላጋራ የነበሩ ወጣቶች ባንድ ቀን የአንድ ቡድን አባላት ሆኑ። ኳሱ በእጅ እየተያዘ የሚሮጥበት የአሜሪካኖች እግር ኳስ ዋና አሠልጣኝ እንዲሆኑ የተሾሙት ጥቁሩ ኸርማን ቡን ነበሩ፤ ሹመቱን ይጠብቁ የነበሩት ነጩ ቢል ዮስት በምክትልነት ለመሥራት እሺ አሉ። ነሐሴ ላይ ልጆቹን ወደ ጌቲስበርግ ወስደው አብረው አሳደሩአቸው፤ አብረው አበሉአቸው፤ አብረው አደከሙአቸው። ታይታንስ የሚባለው ያ ቡድን በ1971 የተጫወታቸውን 13 ጨዋታዎች ሁሉ አሸንፎ የግዛቲቱን ዋንጫ ወሰደ።

በ2000 ይህ ታሪክ ዴንዘል ዋሺንግቶን የተጫወተበት ፊልም ሆኖ ዓለም ሁሉ አየው። ፊልሙ መልካም ቢሆንም ታሪክን እንደ ልቡ አድርጎታል። ተቃዋሚዎቹን ቡድኖች ነጮች ብቻ አድርጎ ያሳያል፤ በእውነቱ ግን በሌሎቹም ዘንድ ጥቁርና ነጭ አብረው ይጫወቱ ነበር። ከታወቁት ተጫዋቾች አንዱ ጌሪ ቤርቲየር በመኪና አደጋ የተጎዳውም ከዋንጫው በፊት ሳይሆን በኋላ ነው። ከሁሉ ይልቅ እኛን የሚያሳስበን ግን የፊልሙ መነሻ 1971 መሆኑ ነው። የኳሱ ድል ይታያል፤ ስለ ልጆቿ ወንበር እንጀራዋን ያጣችው እናት ግን አትታይም። ልጆች ታሪክን ከፊልም ብቻ ሲማሩ የሚቀርባቸው እንዲህ ያለው ነገር ነው።

አሁን ወደ ስሙ እንመለስ። የቲ. ሲ. ዊልያምስ ስም ይነሣ የሚለው ጥያቄ በየጊዜው ሲነሣና ሲወድቅ ቆይቶ፣ በ2020 ተማሪዎችና የከተማው ነዋሪዎች አጥብቀው በጠየቁ ጊዜ የትምህርት ቦርዱ ስሙን ለማንሣት ወሰነ። በኤፕሪል 2021 አዲሱን ስም መረጠ፤ ከጁላይ 1 ቀን 2021 ጀምሮም ትምህርት ቤቱ በከተማው ስም ይጠራል። ያ በባቡር ወንበሩን አልለቅም ያለው ልጅ ደግሞ በዚያው ከተማ በስሙ አንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ተሰይሞለታል። ዘመን ሲገላበጥ ስምም ቦታ ይለዋወጣል።

ታዲያ ልጆቻችን ዛሬ በዚያ ምን ያገኛሉ? ትምህርት ቤቱ ከ4000 በላይ ተማሪዎች ያሉበት፣ ከቨርጂንያ ታላላቆች አንዱ ነው። ዋናው ሕንፃ በ2007 አዲስ ተሠርቷል፤ ሚኒ ሀዋርድ የሚባለው ሁለተኛ ግቢም በ2024 በአዲስ ሕንፃ ተተክቷል። ከሌላ አገር ገና ለመጡና እንግሊዝኛ ለሚማሩ ልጆች ከ2012 ጀምሮ ለብቻው የተደራጀ ዓለም አቀፍ አካዳሚ አለ፤ በዚያም ልጁ ቋንቋውንና ሒሳቡን፣ ቋንቋውንና ሳይንሱን አጣምሮ ይማራል። ቋንቋውን የቻለ ተማሪ ደግሞ ገና ሁለተኛ ደረጃ ሳለ የኮሌጅ ትምህርት መውሰድ ይችላል፤ ይህም በኋላ ለኮሌጅ የሚከፈለውን ገንዘብ ያቃልላል። ለከተማው ልጆች የኮሌጅ መማሪያ ርዳታ የሚሰጥ የስኮላርሺፕ ፈንድም ተቋቁሟል። ተማሪዎች ቲኦጎኒ የሚባል ጋዜጣ ያዘጋጃሉ፤ በፖቶማክ ወንዝ ላይ በጀልባ ቀዘፋ ይወዳደራሉ።

ነገር ግን በር ሁሉ ተከፈተ ማለት ልጅ ሁሉ ገባ ማለት አይደለም። በአራት ሺሕ ልጆች መካከል አንድ ዝምተኛ ልጅ ሳይታይ ዓመቱን ሊጨርስ ይችላል። ከቀዛፊዎቹ ወይም ከጋዜጣው አዘጋጆች ጋር የሚቀላቀል፣ የኮሌጁን ትምህርት የሚመዘገብ፣ ብዙ ጊዜ አንድ ሰው ሂድ ያለው ልጅ ነው። ያ አንድ ሰው ደግሞ ወላጁ ቢሆን ይመረጣል።

በዘመዶቻችን ቤት ያለውን ችግር አንሰውረውም። አባት ሌሊት ታክሲ ይነዳል፤ እናት በሁለት ቦታ ትሠራለች፤ ልጅ ሲመጣ እነርሱ የሉም፤ እነርሱ ሲመጡ ልጅ ተኝቷል። ከትምህርት ቤት የመጣውን ደብዳቤ የሚያነበው ልጁ ራሱ ነው፤ ስለዚህ ወላጅ የሚሰማው ልጁ ሊያሰማው የፈቀደውን ብቻ ይሆናል። ከክፍል መቅረቱን የሚነግር ደብዳቤ፣ «የስብሰባ ጥሪ ነው፤ ባትሄዱም ግድ የለም» ተብሎ ተተርጉሞ ያልፋል። ይህ የልጅ ክፋት አይደለም፤ ለልጅ ያልተገባ ሥልጣን ስለ ተሰጠው ነው።

ስለዚህ ምክራችን አጭር ነው። በዓመት ጥቂት ጊዜ፣ ከሥራ አንድ ሰዓት ተለምኖም ቢሆን፣ ወላጅ ወደ ትምህርት ቤቱ ይሂድ። እንግሊዝኛው ቢያዳግተው አስተርጓሚ ይጠይቅ፤ ልጁን ግን አስተርጓሚ አያድርግ። ከልጁ አማካሪ መምህር ጋር በስም ይተዋወቅ፤ «ልጄ ከሚወስደው ትምህርት በላይ የሚችለው አለን?» ብሎ ይጠይቅ። እዚህ ያለን ዘመዶችም ስልክ ስንደውል ስለ ደኅንነታቸውና ስለሚልኩት ገንዘብ ብቻ ከመጠየቅ፣ መቼ ወደ ልጁ ትምህርት ቤት ሄደህ ነበር ብለን እንጠይቅ።

ወይዘሮ ብሎይስ ሀንድሊ ለዚያ ወንበር ደመወዛቸውን ከፍለዋል። ከእኛ ወገን ወላጆች የሚጠየቀው አንድ ከሰዓት በኋላ ነው። ለመሄድ ጊዜ ያላገኘ ቢኖር እንኳ፣ ቤተ ሰቡ ለአንድ ማዕድ በተሰበሰበበት እሑድ የእኒህን የወጥ ቤት ሠራተኛ ስምና ሥራ ለልጆቹ ይንገራቸው። ትምህርት ቤቱ ስሙን ለምን እንደ ለወጠ ልጁ ቢጠየቅ፣ መልሱን ከአባቱና ከእናቱ አፍ የሰማ ይሁን።