የቅድመ ማጣሪያው ቅራኔ፤ ጨዋታ ለተራበ ጨዋታ ሲነፈግ

የዓለም ዋንጫ በየአራት ዓመቱ ሲቃረብ የዓለም ሕዝብ ዓይንና ጆሮ በታላላቆቹ ስታዲየሞች ላይ እንደሚያርፍ የታወቀ ነው። ይሁን እንጂ ለአያሌ አገሮች ዋንጫው የሚጀመረውም የሚያበቃውም የመክፈቻው ፊሽካ ከመነፋቱ ዓመታት አስቀድሞ፣ ካሜራ በማይበዛበት ሜዳ ላይ፣ በሁለት ጨዋታ ብቻ ነው። ይህ የቅድመ ማጣሪያ ዙር በዓለም እግር ኳስ ውስጥ ያለውን መሠረታዊ ቅራኔ ከፍጻሜው ግጥሚያ ይልቅ አጉልቶ ያሳያል። (ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

በቅድሚያ አሠራሩን እንመልከት። ለ2022ቱ ዋንጫ በአፍሪካ ከተወዳደሩት 54 ብሔራዊ ቡድኖች መካከል በደረጃ ሰንጠረዡ ከላይ የነበሩት 26ቱ በቀጥታ ወደ ምድብ ማጣሪያው አለፉ። የቀሩት 28ቱ በሴፕቴምበር 2019 ሁለት ሁለት ሆነው በደርሶ መልስ ተጋጠሙ። ኢትዮጵያ ሌሶቶን ባሕር ዳር ላይ አስተናግዳ ያለ ግብ ተለያየች፤ በማሴሩም 1 ለ 1 ወጣች። ሁለቱንም ጨዋታ ሳታሸንፍ ከሜዳዋ ውጭ ባስቆጠረችው አንዲት ግብ አለፈች። በዚህች ግብ ምክንያት ኢትዮጵያ ከጋና፣ ከደቡብ አፍሪካና ከዚምባብዌ ጋር 6 የምድብ ጨዋታ አገኘች፤ ሌሶቶ ግን አንድም አላገኘችም። ውድድሩ ኳታር ላይ ሊከፈት ከሦስት ዓመት በላይ ሲቀረው የ14 አገሮች ተስፋ ተዘጋ።

እዚህ ላይ ጥያቄው የአንድ ቡድን ዕድል ወይም መጥፎ ዕድል አይደለም። ፊፋ ከ2018 ወዲህ በሚጠቀምበት የደረጃ ስሌት የዓለም ዋንጫ ማጣሪያ ጨዋታ የ25 ክብደት ሲኖረው፣ በይፋ በተመደበው ጊዜ የሚደረግ የወዳጅነት ጨዋታ 10፣ ከዚያ ውጭ የሚደረገው ደግሞ 5 ብቻ ነው። ስለሆነም በሁለት ጨዋታ የተሰናበተ ቡድን ደረጃውን ሊያሻሽልባቸው ከሚችሉት ክብደት ያላቸው ጨዋታዎች ይነጠላል። ደረጃው ዝቅ ስላለ በቅድመ ማጣሪያ ይመደባል፤ በቅድመ ማጣሪያ ስለተሰናበተም ደረጃው ዝቅ እንዳለ ይቀራል። ውጤቱ ተመልሶ ምክንያት ይሆናል። የበለጠ ጨዋታ የሚያስፈልገው የበለጠ ጨዋታ ይነፈጋል ማለት ይህ ነው።

የዚህ አሠራር ጠበቆች የሚያቀርቡት መከራከሪያ እንዲሁ የሚናቅ አይደለም። በ2001 አውስትራሊያ አሜሪካን ሳሞአን 31 ለ 0 አሸንፋለች። ከእንዲህ ያለው ግጥሚያ ማን ምን ተማረ? ብለው ይጠይቃሉ። ጥያቄው ትክክል ነው። ይሁንና መልሱን የሰጠችው ራሷ አሜሪካን ሳሞአ ናት። በ2011 በኦሽያንያ ቅድመ ማጣሪያ አራት ተቀራራቢ ቡድኖች በአንድ ምድብ ሆነው እያንዳንዳቸው 3 ጨዋታ ሲያደርጉ፣ ቶንጋን 2 ለ 1 በመርታት የመጀመሪያ ድሏን አስመዘገበች። በረኛው ኒኪ ሳላፑ 31 ግብ የገባበት ያው ሰው ነበር። ከዚህ የምንረዳው ጥፋቱ ደካማው ከደካማው ጋር መጋጠሙ ሳይሆን፣ ከሁለት ጨዋታ በኋላ በሩ መዘጋቱ መሆኑን ነው።

ሌላም ማስረጃ አለ። በዚያው በ2019 ኮሞሮስ በቅድመ ማጣሪያው በቶጎ ተሸንፋ ወደቀች። ነገር ግን የአፍሪካ ዋንጫ ምድብ ማጣሪያ ክፍት ሆኖ ስለጠበቃት በሁለተኛው ወር ያችኑ ቶጎን በሜዳዋ 1 ለ 0 አሸነፈች፤ ለዋንጫውም አለፈች፤ በጃንዋሪ 2022 ጋናን 3 ለ 2 ረታ ከውድድሩ አስወጣች። የእኛም ታሪክ ከዚህ አይለይም። በ2011 ኢትዮጵያ ከሶማሊያ ጋር ጅቡቲ ላይ ያለ ግብ ተለያይታ በአዲስ አበባ 5 ለ 0 ባታሸንፍ ኖሮ፣ በ2013 ደቡብ አፍሪካን በልጦ ምድቡን የመራው፣ በናይጄሪያ እስኪረታ ድረስም ብራዚል ለመግባት አንድ እርምጃ የቀረው ቡድን ባልታየ ነበር። የደረጃ ቁጥር የትናንቱን ይመዘግባል እንጂ የነገውን አይወስንም።

የውድድር ደንብ ደግሞ የተፈጥሮ ሕግ አይደለም። በ1964 ፊፋ የአፍሪካ አሸናፊ ከእስያው አሸናፊ ጋር ተጋጥሞ ካላለፈ በስተቀር ቦታ የለውም ባለ ጊዜ፣ ይድነቃቸው ተሰማን የመሳሰሉ መሪዎች ባሉበት የአፍሪካ አገሮች ከ1966ቱ ዋንጫ በአንድነት ራሳቸውን አገለሉ፤ ለ1970ውም አህጉሩ የራሱን ቦታ አገኘ። ለ2026ቱም ዋንጫ የአፍሪካ ቅድመ ማጣሪያ ቀርቶ ቡድኖቹ በሙሉ በ9 ምድብ ተደለደሉ፤ ኢትዮጵያም 10 ጨዋታ አገኘች። ይህ የማይካድ እርምጃ ነው። ይሁን እንጂ ለ2025ቱ የአፍሪካ ዋንጫ 8 አገሮች አሁንም በሁለት ጨዋታ ተጣርተው አራቱ መሰናበታቸው ትግሉ አለመጠናቀቁን ያመለክታል።

ከሁሉ በላይ ግን ቅርጹ ሲስተካከል ይዘቱ አብሮ መስተካከል አለበት። ቡታን በ2018ቱ ዋንጫ ማጣሪያ ዶሃ ላይ በኳታር 15 ለ 0 ተሸንፋ፣ ከፍታ ላይ በምትገኘው ቲምፉ ግን ያው ቡድን ያሸነፋት 3 ለ 0 ብቻ ነበር። የአገር ሜዳ ዋጋ ይህን ያህል ነው። ኢትዮጵያ ግን በ2022 ግብፅን 2 ለ 0 ያሸነፈችበትን ጨዋታ ያስተናገደችው በማላዊዋ ሊሎንግዌ ነበር፤ በ2025ም በዓለም ዋንጫ ማጣሪያ ግብፅን የተቀበለችው በካዛብላንካ ነው። የአህጉሩ ኮንፌዴሬሽን የሚጠይቀውን መለኪያ የሚያሟላ ስታዲየም በመታጣቱ የድሉ ጩኸት በባዕድ አገር ተሰማ፤ ያንን ቡድን ሊደግፍ የሚገባው ሕዝብ በሬዲዮና በቴሌቪዥን ብቻ ተከታተለው።

እንግዲህ ግዴታው ሁለት ነው። በአህጉሩ መድረክ ዝቅተኛ ደረጃ ላላቸው ቡድኖች ከሁለት ጨዋታ በላይ እንዲሰጥ መታገል አንዱ ነው። ሁለተኛው የራሳችን ነው፤ በድርድር የሚገኝ ሳይሆን በሲሚንቶ፣ በሣርና በጥገና የሚሠራ ነው። በሩ እንዲከፈት የጠየቀ እንግዳ የሚቀበልበትን ቤት አስቀድሞ ሊያዘጋጅ ይገባዋል።