የኡካራ ገበሬዎች ጥበብና ዋጋው

የሕዝብ ቁጥር በበዛበት አገር ሁሉ መሬት ይራቆታል፣ አፈር ይታጠባል፣ ረኀብም ይከተላል የሚለው አስተሳሰብ ብዙ ጊዜ እንደማይሻር ሕግ ሲነገር ይሰማል። በቪክቶሪያ ሐይቅ ደቡብ ምሥራቅ ክፍል የምትገኘው፣ በታንዛንያ ግዛት ያለችው የኡካራ ደሴት ታሪክ ግን ይህ አስተሳሰብ ሳይመረመር ሊታመን እንደማይገባው ያስተምረናል።

ኡካራ 80 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ስፋት ያላት፣ ድንጋያማ ኮረብታ የሚበዛባት ደሴት ናት። አፈሯም አሸዋማና በተፈጥሮው ለምነት የጎደለው ነው። በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ.) በአንድ ካሬ ኪሎ ሜትር 200 ያህል ሰው ይኖርባት ነበር፤ ለእርሻ የሚሆነው መሬት ብቻ ቢቆጠር ደግሞ ጥበቱ ከዚህ የባሰ ነበር። ሆኖም ዋካራ የሚባሉት ነዋሪዎቿ ያንኑ ማሳ ለረጅም ዘመን ሳያሳርፉ እያለሙ ኖረዋል።

ይህ እንዴት ሊሆን ቻለ? ምሥጢሩ ከመሬት የወሰዱትን ለመሬት መመለሳቸው ነው። ከብቶቻቸውን በቤት ውስጥ በተቆፈረ ጋጣ አስረው፣ ሣርና ቅጠል እያጨዱ ይቀልቡ ነበር። በጋጣው የተጠራቀመውንም ፍግ ተሸክመው ወደ ማሳቸው ይወስዱ ነበር። ዳጉሳን በሚመስል እህል መካከል ክሮታላሪያ የተባለ፣ ከጥራጥሬ ወገን የሆነ ተክል ይዘሩና እህሉ ከታጨደ በኋላ ተክሉን ቆፍረው ከአፈር ጋር ይቀላቅሉት ነበር። ተዳፋቱን በእርከን ይደግፉ፣ በሐይቁ ዳር ውኃ በሚተኛበት ስፍራም የከብት መኖ የሚሆን ሣር ይተክሉ ነበር። መሬቱም ሆነ ዛፉ ባለቤት ስለነበረው ተንከባካቢ አላጣም።

እንግዲህ ባሕላዊ የሆነ ሁሉ ኋላ ቀር ነው የሚል ሰው ካለ፣ ኡካራ መልስ ትሰጠዋለች። ነገር ግን በዚህ ላይ ብቻ ቆመን ብናደንቅ፣ የእውነቱን ግማሽ እንስታለን። ዋካራዎች ሰፋ ያለ መሬት ወደሚገኝባት ወደ ጎረቤታቸው ኡኬሬዌ ደሴት ወይም ከሐይቁ ማዶ ወዳለው የብስ በሄዱ ጊዜ ይህን አድካሚ አሠራር ይተዉት እንደነበር ተመራማሪዎች ጽፈዋል። ይህን ያደረጉት ዕውቀቱ ስለጠፋባቸው ወይም ስንፍና ስላደረባቸው አይደለም። መሬት እንደልብ በሚገኝበት ቦታ በትንሽ ድካም የሚበቃቸውን እህል ማግኘት ስለቻሉ ነው።

ከዚህ የምንረዳው ገበሬ አፈሩን የሚንከባከበው ምክር ስለሰማ ብቻ አለመሆኑን ነው። ገበሬ ድካሙንና የድካሙን ፍሬ በሚገባ ይመዝናል። ስለዚህ እርከን ሥራ፣ ፍግ አውጣ፣ ከብትህን አስረህ ቀልብ እያለ የሚመክር ባለሙያ አስቀድሞ ሁለት ጥያቄዎችን ራሱን ሊጠይቅ ይገባል፤ ይህን ሸክም የሚሸከመው ማን ነው? የሚያገኘውስ ምንድን ነው? የመጀመሪያውን ብቻ መልሶ ሁለተኛውን የሚዘለው ምክር ከጆሮ አያልፍም።

የኡካራ ገበሬዎች መሬታቸውን ያዳኑት ያለማቋረጥ በመድከም ነው። ጥበባቸውን ማድነቅ ተገቢ ነው፤ ይሁንና የገበሬን ጥበብ በእውነት የሚያከብር ሰው፣ ለድካሙ ተገቢውን ዋጋ እንዲያገኝም አብሮ ይጥራል።