የሳቅ ሰምና ወርቅ

 

ዛሬ ላወጋችሁ ያሰብሁት ስለ አንድ ሰው ነው። አገሩ ሩማኒያ፣ ስሙ ቶማ ካራጁ፣ ሥራውም ሰው ማሳቅ ነበር። «ስንት ቁም ነገር እያለ ምነው ቀልደኛ መረጡልን?» ትሉኝ ይሆናል። ነገር ግን፣ እኅቶቼ፣ ሳቅ ሁሉ ፌዝ አይደለም። አፍ እንደ ልብ በማይከፈትበት ቦታ ሰው እውነቱን በሳቅ ጠቅልሎ ይዞ፣ ልቡ ሳይሰበር ክፉውን ቀን የሚሻገርበት ጊዜ አለ። የዚህ ሰው ሕይወት ይህንኑ ያሳየናል። ደግሞም ከተወለደበት ምድር ርቆ ያደገ ሰው ነውና ታሪኩ ለእናንተ ባዕድ አይሆንባችሁም።

ቶማ ካራጁ የተወለደው ነሐሴ 15 ቀን 1917 ዓ.ም. (በፈረንጆች 1925) በሰሜን ግሪክ፣ ያን ጊዜ ህሩፒሽታ፣ ኋላ አርጎስ ኦሬስቲኮ በተባለች ትንሽ ከተማ ነው። ቤተሰቡ አሩማን ከሚባለው ሕዝብ ወገን ነበር። አሩማኖች በግሪክ፣ በአልባኒያ፣ በመቄዶንያና በቡልጋሪያ ተበትነው የኖሩ፣ በበግ እርባታና በሲራራ ንግድ የታወቁ ጥቂት ሕዝብ ናቸው። የራሳቸው መንግሥት አልነበራቸውም። ቋንቋቸው ከሩማኒያ ቋንቋ ጋር የሚዛመድ ስለሆነ፣ ከመካከላቸው ብዙዎች በዚያ ዘመን ጓዛቸውን ጠቅልለው ወደ ሩማኒያ ፈለሱ። የቶማም ወላጆች ከእነርሱ ጋር ሄዱ፤ በመጨረሻም ፕሎየሽት በተባለችው የነዳጅ ዘይት ከተማ ሰፈሩ።

ከዚህ ቤት የወጡትን ልጆች ተመልከቱ። ቶማ ተዋናይ ሆነ። እኅቱ ማቲልዳ የቋንቋ ምሁር ሆና በእናት በአባቷ ቋንቋ፣ በአሩማንኛ፣ ላይ ብዙ ጻፈች፤ የሩማኒያ አካዳሚም አባል ለመሆን በቃች። ሌላዋ እኅቱ ጌታ ደግሞ ቀራፂ ሆነች። ስደተኛ ቤት ሁሉ ባዶ ቤት አይደለም፤ በጓዙ መካከል የማይታይ ሀብት ይዞ የሚጓዝ ብዙ ነው።

ቶማ በመጀመሪያ የሕግ ትምህርት ጀምሮ ነበር። ብዙም ሳይቆይ ትቶት ቡካሬስት በሚገኘው የቲያትር ትምህርት ቤት ገባ፤ በ1949 ተመረቀ። (ከዚህ በኋላ የምጠቅሰው ዓመት የፈረንጆቹ ነው።) በ1953 ወዳደገባት ከተማ ተመልሶ የፕሎየሽት ቲያትር ሥራ አስኪያጅ ሆነ። በዚያ 12 ዓመት ሙሉ ቲያትር ቤቱን እያስተዳደረ፣ እሱም መድረክ ላይ እየተጫወተ ኖረ። ወደ ዋና ከተማው፣ ወደ ታዋቂው የቡላንድራ ቲያትር የሄደው በ1965 ነው፤ ያን ጊዜ ዕድሜው 40 እየሞላ ነበር። አገር ሁሉ ያወቀው ከዚያ በኋላ ነው። እንግዲህ «ዕድሜዬ ሄደ፤ ከእንግዲህ ምን እሆናለሁ» የምትል እኅት ካለች ይህን ልብ ትበል።

በ1970 እና በ1971 በወጡ ሦስት የፖሊስ ኮሜዲ ፊልሞች ላይ ሻምበል ፓናይት የተባለውን ገጸ ባሕርይ ተጫውቶ በሲኒማ ቤት ተወደደ። ከሁሉ በላይ ግን ሕዝቡ የሚጠብቀው በፈረንጆች አዲስ ዓመት ዋዜማ ሌሊት ነበር። ያን ሌሊት ቤተሰብ በቴሌቪዥን ዙሪያ ይሰበሰባል፤ ካራጁ ይወጣና ለብቻው ቆሞ ይናገራል። ጎርነን ያለ ድምፅ፣ እንደ ፈለገ የሚታዘዝለት ፊት ነበረው። ዝም ሲልም ያስቃል።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። ሩማኒያ በዚያ ዘመን በኒኮላይ ቻውሼስኩ የኮሚኒስት አገዛዝ ሥር ነበረች። በጋዜጣ፣ በመድረክም ሆነ በቴሌቪዥን የሚቀርብ ነገር ሁሉ አስቀድሞ በሳንሱር ያልፋል። በተለይ ከ1971 ወዲህ መንግሥት በኪነ ጥበብ ላይ የሚያደርገው ቁጥጥር ጠበቀ። ታዲያ እንዲህ ባለ አገር ቀልደኛ ምን ይናገራል?

ሩማኒያውያን ለዚህ አንድ ስም አላቸው፤ «ሾፕርላ» ይሉታል፤ ትርጉሙ እንሽላሊት ማለት ነው። እንሽላሊት በግንብ ስንጥቅ ሹልክ ብላ እንደምታልፍ፣ ሾፕርላም በጽሑፍ መካከል ተደብቆ ሳንሱሩን የሚያልፍ ነገር ነው። እኛ በቅኔ ቤት ያደግን ሰዎች ይህን ስንሰማ ፈገግ እንላለን፤ ሰምና ወርቅ ነውና። ሰሙን ሁሉም ይሰማዋል፤ ወርቁን የሚያወጣው ግን የገባው ነው።

የተዋናይ ቅኔ ግን ከቃል ያልፋል። ለምሳሌ እኔው ልፍጠርላችሁ፦ በወረቀቱ ላይ «አለቃችን በጣም ጎበዝ ሰው ናቸው» የሚል ተጽፏል እንበል። ሳንሱሩ ያነባል፤ ነውር አያገኝበትም፤ ያሳልፈዋል። ተዋናዩ መድረክ ላይ ወጥቶ «አለቃችን...» ይልና ዝም ይላል። ቅንድቡን ያነሣል። ጉሮሮውን ይጠርጋል። ከዚያ «በጣም ጎበዝ ሰው ናቸው» ይላል። አዳራሹ በሳቅ ይፈነዳል። ዝምታው በወረቀቱ ላይ አልነበረም፤ ቅንድብንም በቀይ እስክሪብቶ የሚሰርዝ የለም። የካራጁ ፊትና ድምፅ ለዚህ ዓይነት ጨዋታ የተፈጠሩ ነበሩ።

ሁልጊዜ ግን አላለፈም። በ1972 ሉቺያን ፒንቲሊዬ የተባለው አዘጋጅ የሩሲያውን ደራሲ የጎጎልን «ተቆጣጣሪው» የተባለ ቲያትር በቡላንድራ አቀረበ። ታሪኩ ጉቦኛ ሹማምንት ስለሞሉባት አንዲት ትንሽ ከተማ ነው። መንግሥት በስውር ተቆጣጣሪ ልኳል የሚል ወሬ ይሰማሉ፤ ከድንጋጤያቸው የተነሣ ኪሱ ባዶ የሆነ አንድ መንገደኛን ተቆጣጣሪው ነው ብለው ይንበረከኩለታል። ዋናውን ጉቦኛ፣ የከተማውን ሹም፣ የተጫወተው ካራጁ ነበር። ቲያትሩ የተጻፈው ከመቶ ዓመት በላይ አስቀድሞ፣ ያውም በሩቅ አገር ነው። ሆኖም ሹማምንቱ መስተዋት የተያዘባቸው መሰላቸው፤ ከጥቂት ትርኢት በኋላ ታገደ። የቲያትር ቤቱ ሥራ አስኪያጅ ሊቪዩ ቹሌይም ከኃላፊነቱ ተነሣ። ጉቦ የማይበላ ሹም በጉቦኛ ቀልድ ምን ያስቆጣዋል?

በ1975 ካራጁ ትልቁን የፊልም ሥራውን ሠራ። «ተዋናዩና አረመኔዎቹ» ይባላል፤ ያዘጋጀው ማኖሌ ማርኩስ ነው። በፊልሙ ካራታሴ የተባለ ቀልደኛ ሆኖ ይታያል። ይህ ገጸ ባሕርይ የተቀዳው ከእውነተኛ ሰው፣ ከኮንስታንቲን ታናሴ ነው። ታናሴ በ1880 ተወልዶ በ1945 የሞተ፣ በ1919 «ከረቡሽ» ማለትም «ጢንዚዛ» የተባለ የሙዚቃና የቀልድ ቲያትር ያቋቋመ የሩማኒያ ዝነኛ ቀልደኛ ነበር። በፊልሙ ውስጥ የብረት ዘብ የተባሉት ፋሺስቶች ተዋናዩን ዝም ካላልህ እንገድልሃለን እያሉ ያስፈራሩታል፤ እሱ ግን መድረኩን አይለቅም። ሰሙ ያለፉት ፋሺስቶች ናቸው። ወርቁን ደግሞ በሌላ አገዛዝ ሥር ሆኖ ፊልሙን የሚያይ ሁሉ በልቡ ይፍታው።

ዕድሜ ግን አልሰጠውም። የካቲት 25 ቀን 1969 ዓ.ም. (በፈረንጆች መጋቢት 4 ቀን 1977)፣ ዕለተ ዓርብ፣ ከምሽቱ 3 ሰዓት ከ22 ደቂቃ ላይ ሩማኒያን ከባድ የመሬት መንቀጥቀጥ መታት። አንድ ደቂቃ እንኳ አልሞላም። ከ1,500 በላይ ሰዎች አለቁ፤ አብዛኞቹ ቡካሬስት ውስጥ ነበሩ። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በፊት የተሠሩ ብዙ ፎቆች ተደረመሱ። ካራጁ የሚኖርበት ሕንፃም ፈረሰ። አብሮት የነበረው ወዳጁ፣ የቴሌቪዥንና የፊልም አዘጋጁ አሌክሳንድሩ ቦካኔጽም አብሮት ሞተ። ካራጁ 51 ዓመቱ ነበር። አገር ያሳቀ ሰው አገር በሚያለቅስበት ሌሊት ሄደ። በቡካሬስት በቤሉ መካነ መቃብር ተቀበረ። ለ12 ዓመታት የመራው የፕሎየሽት ቲያትር ዛሬ በስሙ ይጠራል።

እኅቶቼ፣ ከዚህ ሰው ታሪክ ሁለት ነገር ልንገራችሁ።

አንደኛው፣ በማን ላይ እንደምንስቅ እንወቅ። ካራጁ ከተጫወታቸው የሚታወሱት ጉቦኛውን ሹም የገለጠበትና በነፍሰ ገዳዮች ላይ የተዘባበተበት ናቸው። የሳቁ ጦር የተወረወረው ወደ ላይ ነው። በዕረፍት ቀን ተሰብስባችሁ የማዳምን አነጋገር እየቀዳችሁ ብትስቁ፣ ያ ሳቅ የሳምንቱን ሸክም ያቀልላል፤ ማንንም አይጎዳም። ትናንት የመጣችው ልጅ ቋንቋ ባለማወቋ፣ ወይም ዕቃ በመስበሯ ተደንግጣ ስታለቅስ የሚሳቅባት ከሆነ ግን፣ ያ ሳቅ ሌላ ጌታ ሆኖ በላይዋ ተቀመጠ ማለት ነው። የመጀመሪያው ሳቅ ያሳርፋል፤ ሁለተኛው በሸክም ላይ ሸክም ነው።

ሁለተኛው፣ ሳቅ የማይሠራው ሥራ እንዳለም እንወቅ። የታገደውን ቲያትር ሳቅ አላስከፈተውም። የቻውሼስኩ አገዛዝም የወደቀው ካራጁ ከሞተ ከ12 ዓመት በኋላ፣ በታኅሣሥ 1989፣ ሕዝብ አደባባይ ወጥቶ ሲጮህ ነው። ሳቅ ያን ቀን እስኪደርስ ሰው ሰው ሆኖ እንዲቆይ ረዳ እንጂ የጩኸትን ቦታ አልተካም። እናንተም ደመወዝ ሲያዝባችሁ፣ እጅ ሲነሣባችሁ፣ በር ሲቆለፍባችሁ «ሳቅ አድርጌ አሳልፈዋለሁ» አትበሉ። ያን ጊዜ ቅኔ አያስፈልግም፤ ለምታምኑት ሰው፣ ሊረዳችሁ ለሚችል ሁሉ በግልጽ ተናገሩ። ለእናታችሁም በስልክ «ደኅና ነኝ» ስትሉ ከቃላችሁ በስተኋላ ያለውን ዝምታ የምትሰማ አንዲት እኅት አጠገባችሁ ትኑር። እናንተም ለሌላዋ እንዲሁ ሁኑላት።

ለዛሬ በዚሁ ይብቃን። ሳቃችሁ አይጥፋ፤ በቸር ያገናኘን።