ሰማያዊው ሰው

ነጭ ያየነውን ሁሉ «ፈረንጅ» እንላለን፤ ቃሉ የመጣው ግን ፍራንኮች ከሚባል አንድ ሕዝብ ነው። አይሪሾችም በነባር ቋንቋቸው በጌሊክ እንግሊዞችን ሁሉ በሳክሰኖች ስም «ሳሰናኽ» ይሏቸዋል። ውሎ አድሮ ቃሉ ፕሮቴስታንት ማለትም ሆኖ ነበር፤ የሃይማኖቱን ጠብ አስቡት!

እኔን የገረመኝ ግን ጥቁር ሰውን የሚጠሩበት ነው። የዋና ከተማቸው የደብሊን ስም «ጥቁር ኩሬ» ማለት ነው፤ ጥቁር ሰውን ግን «ዲነ ጎረም»፣ ሰማያዊ ሰው፣ ይሉታል። «ጥቁሩ ሰው» ሲሉ ሰይጣንን ነዋ! ለስድብ አይመስለኝም። ቢሆንም እዚያ የሚያድግ የሐበሻ ልጅ ትምህርት ቤት ጌሊክ ሲማር «ሰማያዊ» መባሉን ቢሰማ ምን ይለው ይሆን? እናቱ ቀድማ ታስረዳው። እኔም ሥራ ላይ ሳለሁ በሽተኛን «አልጋ 12» እያልኩ እጠራ ስለነበር ለመፍረድ አልቸኩልም።